ባስተር ኪተንን በተራ በተራ ሳይ የተማርኩት

አጫጭር ፊልም እሠራለሁ። ታሪክን በንግግር ሳይሆን በእንቅስቃሴ መንገር እንዴት እንደሚቻል በደንብ መማር ፈለግኩ። ለዚህ ደግሞ ከአሜሪካዊው የፊልም ኮሜዲያንና ዳይሬክተር ከባስተር ኪተን የተሻለ አስተማሪ አላውቅም። ስለዚህ የድምፅ አልባ ዘመን ፊልሞቹን በወጡበት ቅደም ተከተል ለማየት ወሰንኩ።

መጀመሪያ ከየት እንደመጣ ማወቅ ይጠቅማል። ኪተን በ1895 ካንሳስ ውስጥ ተወለደ። ወላጆቹ ከከተማ ከተማ እየዞሩ የሚሠሩ የመድረክ ተጫዋቾች ነበሩ። እሱም በሕፃንነቱ መድረክ ላይ ወጣ። የትርኢቱ ዋና ቀልድ አባትየው ልጁን ወዲያና ወዲህ ሲወረውሩት ነው። ልጁ አወዳደቅ ተማረ። ሌላም ነገር ገባው፤ ወድቆ ሲነሳ እሱ ከሳቀ ተመልካቹ ብዙም አይስቅም፤ ፊቱን ኮስተር ካደረገ ግን አዳራሹ በሳቅ ይፈርሳል። ያ የማይስቅ ፊት ዕድሜ ልኩን አብሮት ኖረ።

በ1917 ኒውዮርክ ውስጥ ሮስኮ አርባክል የሚባለው ኮሜዲያን ወደ ፊልም አስገባው። ኪተን እንደተረከው፣ ያኔ ካሜራውን ወስዶ ፈታትቶ ውስጡን አይቷል። እኔ ይህን በጣም እወድለታለሁ። ትወናውን ከማሰቡ በፊት መሣሪያው ምን እንደሚችል ጠየቀ።

ወደ አሠራሬ ልምጣ። ፊልሞቹን የማየው ድምፁን ዘግቼ ነው። አሁን በየቅጂው ላይ የምንሰማው ሙዚቃ አብዛኛው በኋላ የተጨመረ ነው። በዘመኑ ሙዚቃው የሚጫወተው እዚያው ሲኒማ ቤቱ ውስጥ ነበር። ሙዚቃ መቼ መሳቅ እንዳለብህ ይነግርሃል። ስትዘጋው ግን ምስሉ ብቻውን ምን ያህል እንደሚሠራ ይታይሃል። አንድ ጊዜ ሳላቋርጥ አያለሁ። ሁለተኛ ጊዜ በየሾቱ (ካሜራው ሳይቆረጥ ባሳየው በእያንዳንዱ ምስል) እያቆምኩ ካሜራው የት እንደቆመ ደብተር ላይ እስላለሁ። ሥዕሉ ማማር የለበትም። ክብና ቀስት ይበቃል።

ከ1920ው «ዋን ዊክ» ብዙ ተማርኩ። አዲስ ተጋቢዎች ተገጣጥሞ የሚሠራ ቤት በስጦታ ያገኛሉ። ቅናተኛ ተቀናቃኝ የሳጥኖቹን ቁጥር ይቀይርባቸዋል። ቤቱ ጠማማ ሆኖ ይቆማል። መጨረሻ ላይ ቤቱን እየጎተቱ ሲወስዱት ባቡር ሐዲድ ላይ ይቀርባቸዋል። ባቡር እየመጣ ነው። ባልና ሚስቱ ዓይናቸውን ይሸፍናሉ። ባቡሩ በጎን ባለው ሐዲድ ያልፋል። እፎይ ስንል ከወዲያ በኩል ሌላ ባቡር መጥቶ ቤቱን ድምጥማጡን ያጠፋዋል። ይህን ስስለው የቀልዱ ምስጢር ያለው ካሜራው የቆመበት ቦታ ላይ መሆኑን አየሁ። ከዚያ ማዕዘን ሁለቱ ሐዲዶች አንድ ይመስላሉ። ካሜራው ትንሽ ወደ ጎን ቢሄድ ቀልዱ የለም።

በ1928ቱ «ስቲምቦት ቢል ጁኒየር» ደግሞ የአንድ ቤት ሙሉ የፊት ግድግዳ ኪተን ላይ ይወድቅበታል። እሱ የቆመው ክፍት መስኮቱ በሚያርፍበት ቦታ ነው። ግድግዳው ሁለት ቶን ገደማ ይመዝን ነበር ይባላል። የተቀረጸው ከሩቅ ነው፤ ቤቱም ሰውዬውም ሙሉ በሙሉ ይታያሉ። ግድግዳው ሲወድቅ ሾቱ ቢቆራረጥ ኖሮ ማንም አያምንም ነበር። ከዚያ ወዲህ ድርጊት ሲኖረኝ ካሜራውን ወደ ኋላ አርቄ፣ ተዋናዩን ከእግር እስከ ራሱ አሳይቼ፣ ሳልቆርጥ እቀርጻለሁ። ቅርብ ሾት የማወጣው ፊት መናገር ሲኖርበት ብቻ ነው።

አደጋውን ግን ማንም እንዲኮርጅ አልመክርም። በ1924ቱ «ሸርሎክ ጁኒየር» ቀረጻ ላይ ከባቡር ውኃ መሙያ የወረደ ውኃ ጥሎት አንገቱ ተሰብሮ ነበር። ስብራቱ የታወቀው ከዓመታት በኋላ በራጅ ነው።

በ1926 «ዘ ጀነራል»ን ኦሪገን ውስጥ ሠራ። እውነተኛ ባቡር ከሚቃጠል ድልድይ ላይ ወንዝ ውስጥ ከተተ። ዛሬ ከታላላቅ ፊልሞች ተርታ ይቆጠራል። ያኔ ግን ሃያሲያን አጣጣሉት፣ ገንዘቡም አልተመለሰም። በ1928 የራሱን ስቱዲዮ ትቶ ኤምጂኤም ወደሚባለው ትልቅ የሆሊውድ ፊልም ኩባንያ ገባ። በኋላ ይህን የሕይወቱ ትልቁ ስህተት ብሎታል። በራሱ ስቱዲዮ ሲሠራ ሙሉ የተጻፈ ስክሪፕት አልነበረውም። መጀመሪያውንና መጨረሻውን ከያዙ መሐሉን እየሠሩ ያገኙት ነበር። ኤምጂኤም ግን ሁሉም ነገር አስቀድሞ እንዲጻፍ ይፈልግ ነበር። በ1933 አሰናበተው።

ይህን የሕይወቱን ክፍል ሳነብ በጣም አዘንኩ፤ ለሥራዬ ግን ትልቁን ትምህርት የሰጠኝ እሱ ነው። ኪተን ብቻውን አልነበረም። ካሜራማኑ ኤልጂን ሌስሊ፣ የቴክኒክ ሰው ፍሬድ ጋቡሪ፣ ቀልድ ጸሐፊው ክላይድ ብሩክማን አብረውት ነበሩ። ያ ቡድን ሲበተን ያንን ዓይነት ሥራ መድገም አልተቻለም። ስለዚህ እኔም ከተግባባኋቸው ካሜራማንና ኤዲተር ጋር ተጣብቄ ቀርቻለሁ። የተሻለ ካሜራ ያለው ሰው ሲመጣ እንኳን አልቀይራቸውም።

ሌላው የያዝኩት ልማድ ይህ ነው። ኤዲቲንጉ ሲያልቅ ድምፁን ዘግቼ ለአክስቴ አሳያታለሁ። ከዚያ «እስቲ ታሪኩን ንገሪኝ» እላታለሁ። ተሳስታ የምትነግረኝ ቦታ ካለ ንግግር አልጨምርም። ሾቱን ነው የምቀይረው።

ለመጀመር የሚፈልግ ሰው ፊልሞቹን ለማግኘት አይቸገርም። የ1920ዎቹ ሥራዎቹ አብዛኞቹ አሜሪካ ውስጥ የቅጂ መብታቸው ስላለፈ ዩቲዩብ ላይ አሉ። ሰው የሚሮጠው በጣም እየፈጠነ ከሆነ ሌላ ቅጂ ፈልጉ፤ የማሳያ ፍጥነቱ ተሳስቷል ማለት ነው። ከ«ዋን ዊክ» ጀምሩ፤ ሃያ ደቂቃ ገደማ ነው። ከዚያ «ሸርሎክ ጁኒየር»ን፣ ቀጥሎ «ዘ ጀነራል»ን እዩ። የ1928ቱን «ስቲምቦት ቢል ጁኒየር» እና በዚያው ዓመት ለኤምጂኤም የሠራውን «ዘ ካሜራማን» ደግሞ ጎን ለጎን ብታዩ ጥሩ ነው። ሁለተኛውም ግሩም ፊልም ነው።