ለሌለ አገር የዘመን መቁጠሪያ ስለማበጀት

በምጽፈው ልብ ወለድ ውስጥ ላለችው አገር የዘመን መቁጠሪያ ማዘጋጀት ስጀምር፣ ለወራት ስም ከማውጣት አልተነሣሁም። የወር ስም በአንድ ምሽት ተፈልጎ ይገኛል፤ አስቸጋሪው ጥያቄ ከወራት ተርፈው የሚቀሩትን ቀናት ሕዝቡ ምን ያደርጋቸዋል የሚለው ነው። ፀሐይና ጨረቃ ለሰው ሒሳብ እንዲመቹ ሆነው አልተፈጠሩምና፣ የትኛውም አቆጣጠር አንድ ቦታ ላይ ትርፍ ይኖረዋል፤ የአገሩ ጠባይም ጎልቶ የሚታየው በዚያ ትርፍ አያያዝ ነው። እኛ 12ቱን ወራት በ30 ቀን አስተካክለን፣ የቀሩትን 5 ቀናት፣ በዘመነ ሉቃስ መጨረሻ ደግሞ 6ቱን፣ ጳጉሜን ብለን ለብቻቸው አቁመናቸዋል። ለወር ደመወዝተኛ ጳጉሜን ደመወዝ የላትም፤ ምእመናን ግን ገና ሳይነጋ ወደ ወንዝና ወደ ጠበል ወርደው ይጠመቁባታል። ትርፍ ቀናት እንዲህ ያለ የራሳቸው ሥርዓት ከሌላቸው፣ የልብ ወለድ አገር ሰው የኖረበት አይመስልም።

የአገሪቱ መልክ ከሰሜን ሸዋ የተቀዳ መሆኑን አልደብቅም። ጣርማበር አፋፍ ላይ የቆመ ሰው ገብስ የሚዘራበትን ውርጫማ ደጋ ከኋላው ትቶ፣ ወደ ሸዋ ሮቢት የሚወርደውን የይፋትን ቆላ ከፊቱ ያያል። አብዛኛው ደገኛ በዓላቱን በባሕረ ሐሳብ፣ በቤተ ክርስቲያን የዘመን ቀመር፣ ሲያወጣ፣ የይፋት ሙስሊም ረመዳንን ጨረቃ አይቶ ይይዛል፤ የጨረቃ ዓመት ከፀሐዩ በ11 ቀን ገደማ ስለሚያንስም፣ ረመዳን በጋና ክረምቱን አዳርሶ በ33 ዓመት ገደማ ወደ ቦታው ይመለሳል።

አርዋት ብዬ በሰየምኳት አገር የፀሐይ ዓመት 340 ቀን ከሲሶ ነው፤ ጨረቃዋ ዙሯን በ26 ቀን ትጨርሳለች። 13 ጨረቃ 338 ቀን ስለሚሆን፣ በየዓመቱ 2 ቀን ከሲሶ ይተርፋል። ደገኞቹ ይህን ትርፍ ለሁለት ዓመት ሁለት ሁለት ቀን፣ በሦስተኛው ዓመት ሦስት ቀን አድርገው ከወራት ውጭ ያስቀምጡታል፤ በእነዚህ ቀናት ዕዳ አይጠየቅም፣ ዳኛ አይቀመጥም፣ የሚወለድ ልጅም የልደት ቀኑን ከአባቱ ይወርሳል። ቆለኞቹ ግን 13ኛዋ ጨረቃ ስታልቅ ዓመቱን ዘግተው አዲሱን ይጀምራሉ። ስለዚህ አዲስ ዓመታቸው በየሦስት ዓመቱ 7 ቀን እየቀደመ ይሄድና፣ ከደገኞቹ አዲስ ዓመት ጋር እንደገና የሚገጥመው ከ146 ዓመት ገደማ በኋላ ነው።

ታሪኩን ያስገኘልኝ ይህ ቁጥር ነው። የ33 ዓመት ዙር በአንድ ሰው ዕድሜ ውስጥ ስለሚታይ አያጣላም፤ ሽማግሌው ለልጅ ልጁ “እኔ በክረምትም በበጋም ጾሜዋለሁ” ብሎ ሊመሰክር ይችላል። 146 ዓመት ግን ከማንም ትዝታ በላይ ነው። ከአጨዳ በኋላ ይውል የነበረው በዓል ወደ አረም ወቅት እየሸሸ መሄዱን ከአባቶቹ የሰማ ቆለኛ፣ ቀናቱን ደገኞች ሰረቁን ብሎ ቢያምን አይፈረድበትም። እንዲህ ላለው ረጅም ዙር ቁጥሩን ከትውልድ ወደ ትውልድ የሚያሻግር ባለሙያ ያስፈልጋል። በእኛ ዘንድ ዐቢይ ቀመሩ፣ የባሕረ ሐሳብ ትልቁ ዙር፣ 532 ዓመት ነው፤ ያን ያህል የኖረ ማንም የለም፣ ነገር ግን በዓላት የሚወጡባቸው ሁለቱ ቁጥሮች፣ መጥቅዕና አበቅቴ፣ ተደምረው 30 እንደሚሆኑ መምህሩ ለደቀ መዝሙሩ ስለሚያስተምር ሒሳቡ አይጠፋም። በአርዋትም አፋፉ ላይ የሚኖሩ፣ የላዩንም የታቹንም ዘመን የሚቆጥሩ ቀማሪዎች አስቀመጥኩ። ግብር አይከፍሉም፤ ምክንያቱም በየትኛው ዓመት መክፈል እንዳለባቸው ሁለቱ ነገሥታት እስካሁን አልተስማሙም።

ሰዓትም ቢሆን ከመልክዓ ምድሩ ተለይቶ አይበጅም። እኛ ሰዓትን ከንጋት መቁጠር የተመቸን ለምድር ወገብ ቅርብ በመሆናችን ነው፤ በደብረ ብርሃን የዓመቱ ረጅም ቀን ከአጭሩ የሚበልጠው በአንድ ሰዓት ገደማ ብቻ ነው። የአርዋት ደገኞችም ከንጋት ይቆጥራሉ። ለቆለኞቹ ግን ፀሐይ የምትጠልቀው ከገደሉ ጀርባ ስለሆነ ምሽቱ ይፈጥናል፤ የገደሉ ጥላ የመንደሩን የውኃ ጉድጓድ ሲነካ ዕለቱ አልቆ ሌላ ዕለት ይገባል፣ አፋፉ ላይ የሚያርሰው ገበሬ ግን በሬዎቹን ገና አልፈታም።

ታዲያ ደገኛና ቆለኛ ሲዋዋሉ ቀኑን በምን ይጽፉታል? በ19ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ከአንኮበር ሥር አልዩ አምባ ላይ ይገናኙ ለነበሩ ክርስቲያንና ሙስሊም ነጋዴዎች ወራቱ ቢለያዩም፣ የሳምንቱ ሰባት ቀናት አንድ ነበሩ። ለአርዋትም በስድስት ከተሞች በየተራ የሚዞር ገበያ ሰጠኋት፤ ውል የሚጻፈው “ከዛሬ ጀምሮ በ40ኛው ገበያ” ተብሎ ነው። ልብ ወለዱ የሚጀምረው አንድ የቆላ ጨው ነጋዴ ዕዳውን ሊቀበል ወደ ደጋ ሲወጣ ነው። ባለዕዳው በትርፍ ቀናት የዋለ ገበያ አይቆጠርም ይላል፤ ነጋዴው ገበያው ከቆመ ይቆጠራል ይላል። እንደ እኔ ከሆነ ሁለቱም በየአቆጣጠራቸው ልክ ናቸው፤ ክርክራቸው የተነሣው ግን ዳኛ በማይቀመጥባቸው በእነዚያው ቀናት ነው።