ለባለቤቱ ያልተነገረ ስህተት

በሥራ ቦታ የሰውን ስህተት ፊት ለፊት መንገር የሚከብደን ክፉ ስለሆንን አይደለም። ብዙ ጊዜ የሚያስቸግረን ጨዋነታችን ነው። የታላቃችንን ጉድለት ስናይ አንገታችንን እንደፋለን፤ «ምን ይሉኛል» እንላለን፤ ለባለቤቱ ያልነገርነውን ደግሞ ለጎረቤቱ እናወራለን። ነገሩ ውሎ ሲያድር ይከርራል፤ በመጨረሻም ከሁሉም በባሰው አፍ፣ ከሁሉም በባሰው ሰዓት ይነገራል። ኮምቦልቻ ውስጥ በአንድ የልብስ ስፌት ፋብሪካ በሰው ኃይል ክፍል ስሠራ ይህ ሲሆን ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው አይቻለሁ።

ኮምቦልቻ የፋብሪካ ከተማ ናት። በደርግ ዘመን የተሠራው ጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ፣ ቢራው፣ ብረታ ብረቱ፣ በ2009 ዓ.ም. የተመረቀው ኢንዱስትሪ ፓርክ፣ ሁሉም ሠራተኛውን ከየአቅጣጫው ይሰበስባሉ። ከሐርቡ የሚመጣ አለ፤ ከደሴ ማልዶ በሰርቪስ ተሳፍሮ የሐረጎን ጠመዝማዛ የሚወርድ አለ። የደሴን ብርድ ለብሶ የመጣ ሰው ጃኬቱን አውልቆ ነው ማሽን ላይ የሚቀመጠው። በአንድ የስፌት መስመር ላይ ትምህርቷን ገና የጨረሰች ልጅና ልጆቿን የዳረች እናት ጎን ለጎን ይሠራሉ። ሰፈር ውስጥ ቢሆን ልጅቱ እኚያን እናት ስታይ ከመቀመጫዋ ትነሳለች፣ ጉልበት ትስማለች። ፋብሪካ ውስጥ ግን «ይህ ስፌት ተበላሽቷል» ልትላቸው ግዴታዋ ነው። ይህን ግዴታ እንዴት እንደምትወጣው ማንም አላስተማራትም።

መስመሩ ላይ ሁሉም ሰው «እትዬ» እያለ አንቱ የሚላቸው ሴት ነበሩ። ፋብሪካ ከመግባታቸው በፊት ደሴ ፒያሳ አካባቢ በልብስ ስፌት ልጆች ያሳደጉ ናቸው። የጥራት ተቆጣጣሪዋ ደግሞ የቧንቧ ውሃ ልጅ፣ ዝምተኛና ሰው አክባሪ ናት። ስትቀጠር ልብስ ሰፊ ሆና ነበር የጀመረችው፤ ክር እንዴት እንደሚሰካ፣ ጨርቅ ሳይጎተት እንዴት እንደሚመራ ያሳየቻት የእትዬ እጅ ናት። በኋላ ወደ ጥራት ቁጥጥር አደገች።

የዚያን ሰሞን የሚሰፋው ወፍራም የሥራ ሱሪ ነበር። የእትዬ ድርሻ የመቀመጫውን ስፌት መዝጋት ነው። ሁለቱ እግሮች የሚገናኙበት መስቀለኛ ላይ ጨርቁ ተደራርቦ ይወፍራልና ከሱሪው ሁሉ አስቸጋሪው ቦታ ይህ ነው። ተቆጣጣሪዋ በየማሽኑ እየዞረች ከተሰፋው እንዳጋጣሚ ሰባት ታነሳለች። ሰባቱም ንጹሕ ከሆኑ አረንጓዴ ካርድ፣ አንድ እንከን ከተገኘ ቢጫ፣ ሁለትና ከዚያ በላይ ከሆነ ቀይ ማሽኑ ላይ ትሰቅላለች። ቀይ ከተሰቀለ ማሽኑ ይቆማል፣ መካኒክ ይጠራል። በልብስ ስፌት ዓለም የታወቀ አሠራር ነው፤ የእኛ ፋብሪካ የፈጠረው አይደለም።

በዚያ ቀን በመጀመሪያው ዙር ከሰባቱ ሁለቱ ላይ መስቀለኛው ጋ ክሩ ዘሏል። እንደ ደንቡ ቀይ ነው። ልጅቱ ካርዱን ከኪሷ አወጣች። እትዬ ቀና ብለው አዩዋትና «ምነው ልጄ፣ ፊትሽ ጠቆረሳ፤ ቁርስ በልተሻል?» አሏት። አረንጓዴውን ሰቀለች። ሁለቱን ሱሪዎች ሸሽጋ ይዛ ሄዳ በምሳ ሰዓቷ ልታስተካክላቸው ጥግ አኖረቻቸው። በሁለተኛው ዙር የዘለለው ሦስት ነበር። አሁንም አረንጓዴ ሰቀለች። ጭንቀቷን የምታወርድበት ስታጣ ልብስ በሚተኮስበት ክፍል ላለች ጓደኛዋ «ዛሬ እትዬን ምን ነክቷቸው ነው?» ብላ አዋየቻት። ጓደኛዋ ለሌላዋ ነገረች። ለምሳ ስንወጣ የመስመሩ ግማሽ ስለ እትዬ ዓይን መድከም ያወራ ነበር። እርጅና ነው ያለም አልጠፋ። ያልሰማች ሰው ብትኖር እሳቸው ብቻ ነበሩ፤ ያንኑ ስፌት እየሰፉ ቀጥለዋል።

ከሰዓት በኋላ በመስመሩ መጨረሻ ላይ የሚመለሰው ሱሪ ተከመረ። በማግስቱ የሱሪዎቹ ገዢ የሚልከው የጥራት መርማሪ ይመጣል። መርማሪው ሁሉንም ልብስ አያይም፤ ከጭነቱ ናሙና ወስዶ ነው የሚፈርደው። ናሙናው ላይ እንከኑ ከበዛ ጭነቱ በሙሉ ይመለሳል። የምርት ኃላፊው ይህን እያሰበ ወደ መስመሩ መጣ፤ ሱሪዎቹን አፍሶ እትዬ ማሽን ላይ ጣላቸውና ጮኸ። «አንቺ ሴትዮ! ዓይንሽ ካላየ ቤትሽ አትቀመጪም?»

ማሽኑ ሁሉ ቆመ። እትዬ አልመለሱም። የማሽናቸውን መብራት አጠፉ፣ ጠረጴዛው ላይ የቀሩትን የክር ቁርጥራጮች በመዳፋቸው ጠርገው ቆሻሻ መጣያው ውስጥ ጨመሩ፣ ሻሻቸውን አስተካክለው በቀጥታ ወደ እኔ ቢሮ መጡ።

«ልጄ፣ መልቀቂያ ጻፊልኝ» አሉኝ።

ስለ ስድቡ የሚናገሩ መስሎኝ ነበር። እሳቸው ግን ከስድቡ በላይ ያንገበገባቸው ሌላ ነው። «እሱስ ይሁን፣ እሱ ባዳ ነው፤ እኔን አያውቀኝም። ይቺ ልጅ ግን ጠዋት አይታዋለች። እኔው አስተምሬያት ለእኔ መንገር አፈረች። ግማሽ ቀን ሙሉ ሰው ሁሉ እያወቀ እኔ ብቻ ሳበላሽ ዋልኩ።»

መልቀቂያውን አልጻፍኩም። «አብሽሩ እትዬ፣ እስከ ነገ ይታገሡኝ» ብዬ አስቀመጥኳቸውና መካኒኩን ይዤ ወደ ማሽናቸው ሄድኩ። መካኒኩ ዕድሜያቸውን ጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካው ውስጥ ያሳለፉ ጋሼ ናቸው። ምንም ሳይናገሩ መርፌውን ፈትተው አወጡና ጠፍጣፋው ጠረጴዛ ላይ በጣታቸው አንከባለሉት። ቀጥ ያለ መርፌ እኩል ይንከባለላል፤ ያኛው ጫፉ ይርገበገብ ነበር። ለዓይን የማይታይ ጥቂት መታጠፍ ነበረበት። በዚያ ላይ መርፌው ቁጥር 14 ነው፤ የዚያን ቀን የገባው ጨርቅ ደግሞ ከቀደመው ይወፍራል።

ጋሼ ነገሩን እንዲህ አስረዱኝ። መርፌው ጨርቁን በስቶ ወርዶ መመለስ ሲጀምር ከዓይኑ ኋላ ትንሽ የክር ቀለበት ይፈጠራል። ከሥር የሚሽከረከረው መንጠቆ ያቺን ቀለበት መያዝ አለበት። የቀጠነ ወይም የታጠፈ መርፌ ወፍራም ቦታ ላይ ሲደርስ ይለመጣል፤ መንጠቆው ቀለበቱን ይስታል፤ ስፌቱ ይዘላል። የእትዬ ዓይንም እጅም የለበትም። ወፈር ያለውን ቁጥር 16 መርፌ ገጥመው መስቀለኛውን ደጋግመው ሰፉት፤ አንድም አልዘለለም። አምስት ደቂቃ አልፈጀባቸውም። «ጠዋት ቢጠሩኝ ሥራው ይኸው ነበር» አሉኝ።

ልጅቱን ልብስ መቀየሪያው ክፍል ስታለቅስ አገኘኋት። «እንዴት ብዬ ልበላቸው? እናቴን እኮ ይበልጣሉ» አለችኝ። ዝም ያለችው ከንቀት ወይም ከስንፍና አልነበረም፤ ከመውደድ ነው። ለዚህ ነው ነገሩ እስከ ዛሬ ከአእምሮዬ የማይወጣው። እሷ አክብሮት ነው ያለችው ዝምታ እትዬን ለአደባባይ ስድብ አሳልፎ ሰጣቸው። በጊዜው የተነገረ ቃል ትንሽ ቢያሳፍራቸው እንኳ በሁለት ሰዎች መካከል ባለቀ ነበር።

አብረን ተቀምጠን ምን ልትል ትችል እንደነበር ማሰብ ጀመርን። መጀመሪያ ያመጣቻቸው አባባሎች ሁሉ ለስላሳ ነበሩ፤ «ዛሬ ደክሞዎት ይሆን?»፣ «እስቲ ትንሽ ጠንቀቅ ቢሉ»። እነዚህ ጨዋ ይመስላሉ እንጂ ሰሚውን ጨለማ ውስጥ ይተዉታል። ምኑ ላይ ነው የምጠነቀቀው? የቱ ሱሪ? የቱ ቦታ? ከዚህም የባሰው፣ ወሬውን ከሥራው አንስተው ወደ ሰውየው ድካምና ዕድሜ ይወስዱታል። በመጨረሻ የተስማማንበት ይህ ነበር፤ «እትዬ፣ ይህችን መስቀለኛ አብረን እንያት። ከሰባቱ ሁለቱ ላይ ክሩ ዘሏል። ጋሼን ልጥራቸው?» ቦታው አለ፣ ቁጥሩ አለ፣ ቀጥሎ የሚሠራው አለ። ምክንያቱ የማን እንደሆነ ግን አልተባለም፤ ገና አልታወቀማ።

በሥልጠና ላይ አስተያየት ስትሰጡ መጀመሪያ አመስግኑ፣ መሐል ላይ ስህተቱን ንገሩ፣ መጨረሻ ላይ ደግሞ አመስግኑ የሚባል ነገር ተምረናል። እኔ በእኛ ሰው ላይ ሲሠራ አላየሁም። ያለወትሮው ስናመሰግነው ወዲያውኑ «ግን» የምትለዋን መጠበቅ ይጀምራል፤ ምስጋናውንም አያምነውም። ማመስገን የሚገባው በሚገባው ቀን፣ ለብቻው ነው። እትዬ ሥራቸው ሲያምር በሰላሙ ቀን የሚነግራቸው ሰው ቢኖር ኖሮ የስህተቱም ቀን ያን ያህል ባልከበደ ነበር።

የቀረኝ ኃላፊው ነው። ለአለቃ አስተያየት መስጠት ለታላቅ ከመስጠት ይከፋል፤ ታላቅ ቢቀየም ያኮርፋል፣ አለቃ ቢቀየም እንጀራ ያሳጣል። ሠራተኛው በሰርቪስ እስኪወጣ ጠብቄ ቢሮው ገባሁና የታጠፈውን መርፌ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጥኩለት። ጋሼ ያሉትን ነገርኩት። «እሺ፣ መርፌው ነው። ነገ ግን መርማሪ ይመጣል፤ እኔ ሰው የማባብልበት ጊዜ የለኝም» አለኝ።

«ማባበል አልጠየቅኩዎትም» አልኩት። «ጭነቱ እንዳይመለስ መጨነቅዎ ልክ ነው። እኔ የምለው፣ ስምንት ሰዓት ላይ መስመሩ ፊት እትዬን ዓይንሽ አያይም ብለዋቸዋል፤ ከዚያ በኋላ ማንም ሰው የተበላሸ ሱሪ አያሳይዎትም ነው።»

ቆጣ ብሎ ዝም አለ። ቀጥሎ የጠየቀው ጥያቄ ግን ደህና ጥያቄ ነበር። «ጠዋት የታየ ነገር እስከ ስምንት ሰዓት ለምን አልተነገረኝም?»

«ስለሚፈሩዎት ነው። ቀይ ካርድ ማለት ጩኸት ማለት ሆኗል፤ ስለዚህ ልጆቹ አረንጓዴ እየሰቀሉ ሱሪውን ይደብቁታል።»

አልወደደውም። «እኔ እንደዚያ ነኝ?» ብሎ መርፌውን አንስቶ ጠረጴዛው ላይ ሲያንከባልል ቆየ። እኔም አልጨመርኩበትም። ሰው የከበደ ነገር ሲሰማ ለመዋጥ ጊዜ ይፈልጋል፤ ያን ጊዜ በማብራሪያ መሙላት ብዙዎቻችን የምንሠራው ስህተት ነው። ከቆየ በኋላ «እትዬን ነገ እዚህ ቢሮ ጥሪልኝና ይቅርታ እጠይቃለሁ» አለኝ።

በማግስቱ ማለዳ ይህን ለጋሼ ስነግራቸው አልተስማሙም። «የተሰደቡት መስመር ላይ ነው፤ ይቅርታውም እዚያው ነው» አሉ። ሽማግሌ ናቸውና ራሳቸው ሄደው ለኃላፊው ነገሩት። ማሽን ከመነሣቱ በፊት እትዬ ማሽን አጠገብ ቆሞ፣ ሁሉም እየሰማ፣ «እትዬ፣ የትናንቱ ጥፋት የእርስዎ አልነበረም። ቢሆንም እንኳ እንደዚያ መናገር አልነበረብኝም፤ ይቅርታ ያድርጉልኝ» አላቸው። ከይቅርታው ሁሉ እኔ ትልቅ የምለው ያንን «ቢሆንም እንኳ» ነው። ጥፋተኛ ሠራተኛም ቢሆን አይሰደብማ።

«ይቅር ብያለሁ» አሉት እትዬ። «ሳጠፋ ይንገሩኝ እንጂ አልጠላም። ቀረብ ብለው ይንገሩኝ።»

ልጅቱን ግን በአንድ ጊዜ ይቅር አላሏትም። ሰላምታ ይሰጧታል፣ ቁርስ በልተሻል ወይ ብለው አይጠይቋትም። እሷም ይህን ታውቅ ነበር። የይቅርታዋ ቀን የመጣው ሌላ ሥራ ላይ፣ የእትዬ ስፌት መስመሩን ሲስት ነው፤ ያኔ ማሽኑ ደህና ነበር፣ ጥፋቱ የእሳቸው ነው። ልጅቱ ሱሪውን ይዛ አጠገባቸው በርከክ ብላ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ ከሰባቱ ሁለቱ መሳታቸውን ነገረቻቸው። እትዬ «እኔ እኮ» አላሉም፤ ስለ ጨርቁም፣ ስለ መብራቱም አላነሡም። «የቱ ጋ?» ብቻ አሉ። ሱሪውን መብራቱ ሥር ዘርግተው በአውራ ጣታቸው ጥፍር ስፌቱን ተከትለው ሄዱ፤ የሳተበት ቦታ ላይ ሲደርሱ ጣታቸው ቆመ። «እውነትሽን ነው» ብለው መፍቻ ምላጩን አነሡ። ከእሷ እጅ ቀዩን ካርድ ተቀብለው ራሳቸው ሰቀሉት። አስተያየትን መቀበል ምን እንደሚመስል ስጠየቅ የምነግረው ይህንን ነው፤ የመጀመሪያው ቃል «የቱ ጋ?» ሲሆን መከላከሉ ቦታ ያጣል።

ከዚያ ወዲህ ቀይ ካርዱ ጀርባ ላይ የእንከኑ ቦታና ቁጥር ይጻፍበት ጀመር፤ «ጥንቃቄ ይደረግ» የሚል ቃል አይጻፍበትም። ኃላፊው ጭነት ሲደርስ አሁንም ድምፁ ከፍ ይላል፤ የሰው ጠባይ በአንድ ጠዋት አይቀየርም። ለውጡ የታየው ሌላ ቦታ ነው። በመጀመሪያዎቹ ሳምንታት የቀይ ካርድ ቁጥር በእጅጉ ጨመረ። ከበላይ ያሉት ሪፖርቱን አይተው ጥራቱ ለምን ወረደ ብለው ማብራሪያ ጠየቁ። መልሱን የጻፈው ኃላፊው ራሱ ነው፤ እንከኑ ቀድሞም እንደነበር፣ ይደበቅ እንደነበርና አሁን መነገር እንደጀመረ ገልጾ፣ ከመስመሩ መጨረሻ የሚመለሰው ሱሪ መቀነሱን የሚያሳየውን መዝገብ አያይዞ ላከላቸው።