ዱዓ ለካሜራ ይደገማል እንዴ?

ካሜራ ይዤ ሥራ የጀመርኩት ሰርግ ቤት ነው። ደሴ ላይ ለዚህ ሙያ ሌላ መግቢያ በር ብዙም የለም። ቅዳሜና እሁድ ቀረጻ፣ በሳምንቱ ኤዲቲንግ። «ሙሽሪት ቀና በይ! ሚዜዎች ጠጋ ጠጋ!» እያልኩ ሰባት ዓመት ኖርኩ። ሰው ማዘዝ ለመደብኝ።

ከዚያ ዶክመንተሪ ልሥራ ብዬ ሸዋ በር አካባቢ አንዲት እናት ቤት ገባሁ። ጎረቤቶቻቸው ተሰብስበዋል፣ እጣኑ ይጨሳል። አቦሉ ሲቀዳ እናት ዱዓ አደረጉ፣ ቤቱ «አሚን» አለ። እኔ ሆዬ ፎከስ ስቻለሁ።

«እናቴ፣ እባክዎ አንዴ ይድገሙልኝ?»

ቀና ብለው አዩኝ። «ልጄ፣ ዱዓ ለካሜራ ይደገማል እንዴ?»

ጎረቤቶች ሳቁ። እኔን ላብ አጠመቀኝ። ቶናውን አፌን ዘግቼ ቀረጽኩ። በረካው ላይ ሲደርሱ መኖሬንም ረስተውኛል። ፊልሙ ውስጥ የገባው እሱ ነው። አሁን የመጀመሪያውን ቀን ካሜራ ከቦርሳ አላወጣም፤ ቡና ጠጥቼ እመለሳለሁ። አብረውኝ የሚሠሩ ልጆች «ቀን አቃጠልክ» ይሉኛል። ይበሉ።

ሌላው ኪሳራዬ ኮምቦልቻ ነው። አንድ ወርክሾፕ ውስጥ ቀኑን ሙሉ ቀረጽኩ። ማታ ስከፍተው ምስሉ ሁሉ ይርገበገባል። ካሜራው እንደተገዛ በሰከንድ 30 ፍሬም (ምስል)፣ ሸተሩም፣ ማለትም ለእያንዳንዱ ምስል ብርሃን የሚያስገባበት ጊዜ፣ 1/60 ሰከንድ ላይ ነበር። የእኛ ኤሌክትሪክ 50 ኸርዝ ነው። የወርክሾፑ ፍሎረሰንት በሰከንድ 100 ጊዜ ይበራል፣ ይደበዝዛል። 25 ፍሬምና 1/50 ላይ ባደርገው ኖሮ እያንዳንዱ ምስል እኩል ሁለት ብልጭታ ይይዝ ነበር፤ ያ ሁሉ ልፋት ገደል ባልገባ። ደግሞ ከደሴ ብርድ ተነስቶ በሐረጎ ቁልቁል ኮምቦልቻ የወረደ ሰው ቦርሳውን ወዲያው አይክፈት። የቀዘቀዘ ሌንስ ሞቃት አየር ሲያገኘው ጉም ይለብሳል። ግማሽ ሰዓት ተዘግቶ ይቆይ።

ፕሮዲውሰርነቱን ያስተማረኝ ገንዘብ ነው። አንድ ደንበኛ በቃል ተስማምተን፣ ግማሹን ከፍሎ ፊልሙን ወሰደ። ከዚያ ስልኩ አይነሳም። ይሉኝታዬ ነው የጎዳኝ፤ የአገር ልጅ ነው፣ እንዴት ፈርም እለዋለሁ ብዬ። ዛሬ ውል ሳይፈረም፣ ቀብድ ሳይገባ መኪና አልከራይም። ሂሳቡ ሳያልቅም ዋናው ፋይል ከእጄ አይወጣም። ንጉሥ ሚካኤል ያሠሩትን አይጠየፍ አዳራሽ የመሰለ ታሪካዊ ቦታ ላይ ከሆነ ሥራው፣ የትብብር ደብዳቤው ከሳምንታት በፊት ይጠየቃል።

የቡናው ፊልም ሲያልቅ ላፕቶፔን ይዤ ሸዋ በር ተመለስኩ። እናት እስከ መጨረሻው ትንፍሽ ሳይሉ አዩ። እኔ ምርቃት እየጠበቅኩ ነው።

«ያ ዳር ያለው ሲኒ አፉ ተሸርፎ ኖሯል» አሉ። «ያን ሁሉ ሰዓት እያየህ ዝም አልከኝ?»