የሳራ ጋርሲያ 14 ጥርሶች

የሜክሲኮ ሲኒማ ወርቃማ ዘመን ሲነሣ የተዋናይቷ የሳራ ጋርሲያ ጥርስ ሳይነሣ አይቀርም። የአያት ሚና ለመጫወት ስትል 14 ጥርሷን አስነቀለች ይባላል፤ ሰሚውም «ጉድ ነው!» ብሎ ወደ ሌላ ወሬ ያልፋል። ይህ አሰማም ሁሌም ያናድደኛል። የሴትዮዋን የሙያ ውሳኔ የእብድ ሥራ አድርጎ ማውራት ሙያዋን አለማወቅ ነው።

ሳራ የተወለደችው በ1895 በቬራክሩስ ግዛት በኦሪሳባ ከተማ ነው (ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው)። ድምፅ አልባ ፊልም ላይ ገና በ1917 ታይታለች፤ ከዚያ በኋላ ለዓመታት እንጀራዋ መድረክ ነበር። የአሮጊት ሚና ስትፈልግ ግን ሃምሳ እንኳ አልሞላትም። ሚናውን የሚሰጡት ሰዎች ለአያትነት ገና ናት ብለው አመነቱ። የእሷ መልስ ጥርስ ሐኪም ዘንድ መሄድ ሆነ።

ለምን ጥርስ? ሰውን ለማስረጀት ሽበት ቀላሉ ነገር ነው፤ ዊግ ወይም ነጭ ቀለም ይበቃዋል። የፊት መጨማደድ በእርሳስ ይሣላል፤ ከአዳራሹ ኋላ የተቀመጠ ተመልካች አምኖ ይቀበለዋል። ካሜራ ተጠግቶ ፊቷ ስክሪኑን ሲሞላው ግን የተሣለው መስመር የተሣለ መስመር ሆኖ ይታያል፤ ተዋናይቷ ስትስቅ ቆዳዋ ይንቀሳቀሳል፣ የእርሳሱ ጥላ ግን አብሮ አይታጠፍም። ሌላው ዘዴ ቆዳን ወጥሮ ይዞ ፈሳሽ ላስቲክ መቀባት፣ ሲደርቅ መልቀቅ ነው። ቆዳው በእርግጥ ይሸበሸባል። በስቱዲዮ መብራት ሙቀት ላብ ሲመጣ ግን ላስቲኩ ከጠርዙ መላቀቅ ይጀምራል፤ ቀድሞ የሚለቀውም አፍ አካባቢ ነው፣ በየቃሉ የሚንቀሳቀሰው እሱ ነውና።

አፍ ደግሞ ዕድሜ የሚናገርበት ቦታ ነው። ከንፈርን ከኋላ ደግፈው የሚይዙት የፊት ጥርሶች ናቸው፤ ጉንጭን የሚይዙት የመንጋጋ ጥርሶች። የፊቶቹ ሲወልቁ ከንፈር ወደ ውስጥ ይሰምጣል፤ የኋላዎቹ ሲወልቁ ጉንጭ ይጎደጉዳል። ላይና ታች የሚገናኝ ጥርስ ከጠፋ ደግሞ አፍ ሲዘጋ አገጭ ከልኩ በላይ ወደ አፍንጫ ይቀርባል፣ የአፍ ጠርዝም ወደ ታች ይወርዳል። ይህን ለውጥ በቀለም ማምጣት አይቻልም። በመጨረሻ የሚበቅሉትን ሳንቆጥር አንድ መንጋጋ ሙሉውን የሚይዘው 14 ጥርስ ነው፤ ቁጥሩ ምን ያህል ከባድ እንደሆነ ከዚህ መገመት ይቻላል።

ዋጋውም ቀላል አይደለም። ድዱ በሳምንታት ውስጥ ይገጥማል፣ አጥንቱ ግን ለወራት እየሟሸሸ ይሄዳል፤ ከሁሉም ይበልጥ በመጀመሪያው ዓመት። ስለዚህ ፊት አንዴ ተለውጦ አይቆምም። ድምፅም ይነካል። «ፈ»ን ለማለት የላይ ጥርስ የታችኛውን ከንፈር መንካት አለበት፤ «ሰ» ያለ ጥርስ ትንፋሽ ይበዛባታል። ቃሏ አዳራሽ ጥግ ድረስ መሰማት ላለባት የቲያትር ሰው ይህ አነጋገርን እንደ አዲስ መግራትን ይጠይቃል። ሜካፕ ማታ ይታጠባል፤ መንጋጋ አይታጠብም።

የሙያ ውሳኔ ነበር ስል ታዲያ ትክክለኛ ውሳኔ ነበር ማለቴ አይደለም። ልጅ ናት ብለው ያመነቱት ሰዎች ዊግ አልብሰው፣ ሻርፕ አከናንበው፣ አንድ ጥቅል ፊልም ቀርጸው ቢያዩ መልሱን ያገኙት ነበር። የፊልሙ ዋጋ ከእነሱ ኪስ ይወጣል፤ የጥርሱ ከእሷ አፍ። ረዳት ተዋናይ ላይ እንዲህ ዓይነት ሒሳብ ሁልጊዜም ይሠራል፤ ለመሪ ተዋናይ መብራቱ ይስተካከላል፣ ረዳቱ ግን ፊቱን ጨርሶ ይዞ እንዲመጣ ይጠበቃል።

ይዛም መጣች። በ1947 በኢስማኤል ሮድሪጌስ በተዘጋጀው «ሎስ ትሬስ ጋርሲያ» ላይ ሲጋር የምታጨስ፣ እርስ በርስ የሚናቆሩ ሦስት ጎረምሳ የልጅ ልጆቿን በከዘራ የምታስተካክል አያት ሆነች። ከልጅ ልጆቹ አንዱ የዘመኑ ታላቅ ዘፋኝና የፊልም ኮከብ ፔድሮ ኢንፋንቴ ነው፤ የተወለደው በ1917፣ ማለትም ከእሷ 22 ዓመት ብቻ ያንሳል። እናቱ ብትሆን ያምር ነበር። ፊልሙን ያየ ሰው ግን ስለ ዕድሜው ልዩነት ትዝ አይለውም፤ ከዘራው ሲነሣ የሚታየው አያትና የልጅ ልጅ ነው። በዚያው ዓመት በወጣው ተከታዩ ፊልም አያቲቱ ትሞታለች፣ ኢንፋንቴም የሚታወቅበትን ለቅሶ ያለቅሳል። ያ ለቅሶ ተመልካችን የያዘው እሷ ከሞቷ በፊት ባኖረችው ነገር ነው። ፊልሞቹ ግን ዛሬም የኢንፋንቴ ፊልሞች ተብለው ነው የሚጠሩት።

ጥርሱን የሚያወሩ ሰዎች የማያወሩት ሌላ ነገር አለ። ልጇ ማሪያ ፈርናንዳ፣ እሷም ተዋናይ የነበረች፣ በ1940 በታይፎይድ ሞተች። በ1941 ደግሞ ሳራ በሁዋን ቡስቲዮ ኦሮ ፊልም፣ ልጆቿ አንድ በአንድ ከቤት የሚወጡባትን እናት ሆና ካሜራ ፊት ቆመች። ለዚያ ሚና ሐኪም የሚነቅለው ጥርስ የለም። የተዋናይቷን አቅም ማየት የሚፈልግ እዚህ ይጀምር።

አያትነቷ ከዚያ በኋላ አልለቀቃትም፤ ሕዝቡም የሜክሲኮ አያት ብሎ ጠራት። በ1972 ግን ዳይሬክተሩ ሉዊስ አልኮሪሳ በ«መካኒካ ናሲዮናል» ያንኑ ፊት ወስዶ ሌላ ሰው አደረገው፤ የመኪና ውድድር ለማየት ከቤተሰቧ ጋር ወጥታ፣ ያለ ልክ በልታ፣ እዚያው የምትሞት አያት። ሬሳዋን በመኪና ጭነው በትራፊክ መሐል ይመልሷታል። የለመዱት ጣፋጭ አያት ስላልነበረች የደነገጡ ነበሩ፤ እኔ ግን ከምርጥ ሥራዎቿ እቆጥረዋለሁ። በዓመቱ፣ በ1973፣ ፊቷ የአቡኤሊታ (በስፓኒሽ አያት ማለት ነው) ቸኮሌት ማሸጊያ ላይ ወጣ፤ እሷ በ1980 ካረፈች በኋላም ከማሸጊያው አልወረደም።