ደሙን ያጠቡት ሴቶች

ትናንት ማታ ለእህቴ ልጅ (ዘንድሮ ማትሪክ ተፈታኝ ናት) የጥንቱ የግሪክ ገጣሚ ሆሜር የጻፈውን የጀግናውን የኦዲሴየስን ታሪክ እየተረኩላት፣ ከጦርነት ቤቱ ተመልሶ ሚስቱን ሊያገቡ የተሰበሰቡትን ወንዶች ሁሉ ጨረሳቸው፣ አለቀ ስላት "ገረዶቹስ ምን ሆኑ ጋሼ?" አለችኝ። ቲክቶክ ላይ ሰምታ መሰለኝ።

ነገርኳታ። ከ50ዎቹ ገረዶች 12ቱ ከወንዶቹ ጋር ተኝታችኋል ተባሉ፣ ግን መጀመሪያ ሬሳውን አውጡ፣ ከዛ ወንበሩንና ጠረጴዛውን በውሃና በስፖንጅ እጠቡ ተባሉ፣ ማለት ቤቱን አጽድተው ነው የተሰቀሉት! አባትየው ኦዲሴየስ በሰይፍ ይገደሉ ነበር ያለው፣ ልጁ ቴሌማከስ ነው ንጹህ ሞት አይገባቸውም ብሎ የመርከብ ገመድ ያመጣው። ሆሜር እግራቸው ትንሽ ተንፈራገጠ፣ ብዙም አልቆየ ይልና ያልፋል።

ጠጥቶ ከጣራ ወድቆ የሞተው የኦዲሴየስ መርከበኛ ኤልፔኖር እንኳ መቃብሩ ላይ መቅዘፊያ ተተክሎለታል እኮ።

ካናዳዊቷ ደራሲ ማርጋሬት አትውድ እ.ኤ.አ. በ2005 ፔኔሎፒያድ የሚለው መጽሐፏ ላይ እነዚህን ሴቶች በኅብረት አስዘፈነቻቸው። ጎበዝ። አሁን እንደዚህ ከዳር ካሉት ሰዎች የሚነሳ ድርሰት በዝቷል፣ ደስ ይለኛል፣ ግን አንዳንዱ ሟቿን ጀግና ካላደረጋት ሞቷ የሚያሳዝን አይመስለውም። እነዚህ ጦር አላነሱ፣ ትንቢት አልተናገሩ፣ ሰው ቤት የሚሰሩ ልጆች ነበሩ በቃ።