አያ ናፓ፦ ከጀልባው ይልቅ ከሥሩ ያለው

የቆጵሮሷን የባሕር ዳር ከተማ አያ ናፓን የሚያውቃት ሁሉ የሚያውቃት በጭፈራዋ ነው። እኔ የሄድኩት ለባሕሯ ነበር፤ ጭፈራው ግን ሳልጠራው ክፍሌ ድረስ መጣ። ሆቴላችን ከአደባባዩ ትንሽ ገባ ብሎ ነው፤ ቁልፍ ስንቀበል “ጸጥ ያለ ሰፈር ነው” ተብለናል። እስከ ሌሊቱ 9 ሰዓት የአልጋዬ ራስጌ ከሙዚቃው ጋር ሲርገበገብ አመሸ። መስኮቱን ስዘጋ ሙቀቱ፣ ስከፍት ዲጄው። ጓደኛዬ ጆሮዋን በጥጥ ወትፋ ለሽ አለች፤ እኔ ጣራ ጣራ ሳይ ነጋ። በማግሥቱ ጀልባ ላይ ስወጣ ፊቴ የሚነበብ አልነበረም፤ ከዚህ በታች የምጽፈውን ስታነቡ ይህን አስቡልኝ።

ቆጵሮስን የመረጥነው ከፍራንክፈርት ርካሽ በረራ ስላገኘን ነው እንጂ ሌላ ምክንያት አልነበረንም። አገሪቱ ከ2004 ጀምሮ (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጆች ነው የምጽፈው) የአውሮፓ ኅብረት አባል ናት፤ እኔ ስሄድ ግን ሼንገን ውስጥ አልነበረችም። የጀርመን መኖሪያ ፈቃድ ላለው ሰው ቪዛ አትጠይቅም። ይህን እኔ አውቃለሁ፣ ሻንጣ የምትቀበለው ልጅ አታውቅም። የኢትዮጵያ ፓስፖርቴን ገልብጣ ገላብጣ አየች፣ ስልክ ደወለች፣ አለቃዋን ጠራች፣ እንደገና ገለበጠች። ከኋላዬ የተሰለፈው ሁሉ አንድ ጉድ እንደተገኘብኝ አድርጎ ነው የሚያየኝ። ላርናካ ስንደርስ የኢሚግሬሽኑ ሰውዬ ቀና ብሎም አላየኝ፤ ማኅተሙን ጠቅ አድርጎ አሳለፈኝ። ከላርናካ አያ ናፓ በአውቶቡስ አንድ ሰዓት ያህል ነው። ስለ መንገዱ የምነግራችሁ የለኝም፣ ተኝቼ ነበር።

የጀልባውን ቲኬት ወደቡ ላይ ከተደረደሩት ኪዮስኮች ካንዱ በነፍስ ወከፍ 35 ዩሮ ገዛን። ምሳ፣ መጠጥ፣ ስኖርክል፣ “ሁሉም ተካቷል”። ጀልባው ላይ ስንወጣ ወጣቱ ሠራተኛ የውሃ መነጽርና የመተንፈሻ ቱቦ ኪራይ 5 ዩሮ ጠየቀን። “ስኖርክል ተካቷል አላላችሁም?” አልኩት። “ለስኖርክል መቆሙ ነው የተካተተው” አለኝ፣ ሳይስቅ። ጓደኛዬ ክርክር ስለማትወድ ለሁለታችንም ከፈለች። እኔ እስከ አሁን አልተዋጠልኝም።

ባሕር ዳር ተወልጄ ያደግሁ ነኝና ስለ ጀልባ የምለው አላጣም። ወደ ዘጌ የሚሻገር ባለጀልባ ዓባይ ከጣና በሚወጣበት በኩል ጉማሬ ካየ ሞተሩን ያጠፋል፤ ማንም ሳያዝ ሁሉም ዝም ይላል። እዚህ ካፒቴኑ ማይክራፎን ይዞ “ደስ ብሏችኋል?” እያለ ይጮኻል። መልሳችን ካነሰበት ይደግመዋል። ባለ ሁለት ፎቅ ነጭ ጀልባ ነው፤ ከኋላው ወደ ባሕር የሚወረድበት ሸርተቴ፣ ከላይ ቡና ቤት፣ በየማዕዘኑ ድምፅ ማጉያ። ሰማንያ ሰው አናንስም፤ ግማሹ ከእንግሊዝ የመጡ ወጣቶች ናቸው፣ ከትናንት ማታው ጭፈራ ቀጥታ የመጡም ይመስለኛል። በነሱ 11፣ በእኛ 5 ሰዓት ተነሣን።

ከወደቡ ወደ ምሥራቅ ያለው ዳርቻ ግን ሐሰት የለበትም፤ ያምራል። ገደሉ ነጣ ያለ የኖራ ድንጋይ ነው፤ ባሕሩ ሥር ሥሩን እየበላ ዋሻ በዋሻ አድርጎታል። ጀልባው አፋቸው ድረስ ይጠጋል፤ ከውሃው ላይ የሚነሣው ብርሃን የዋሻውን ጣራ አረንጓዴ አድርጎ ያወዛውዘዋል። እየራቅን ስንሄድ ኬፕ ግሬኮ የሚባለው የደሴቲቱ ደቡብ ምሥራቅ ማዕዘን መጣ። ከጫፉ መለስ ብሎ፣ ከዓለቱ ላይ፣ ነጭ ግድግዳና ሰማያዊ ጉልላት ያላት ትንሽ ቤተ ክርስቲያን አለች። የአጊ አናርጊሪ ናት ተባልን፤ በእኛ ስንክሳር ቆዝሞስና ድምያኖስ የምንላቸው፣ ያለ ክፍያ ያክሙ የነበሩት ወንድማማቾች። ለመተንፈሻ ቱቦ 5 ዩሮ ከተከፈለልኝ ገና ግማሽ ሰዓት አልሆነኝም ነበር፤ ከልቤ ተሳለምኳቸው።

ጀልባው ከዚያው አካባቢ ውሃዋ ብርጭቆ በመሰለች ሥፍራ መልሕቁን ጣለና “አርባ አምስት ደቂቃ!” ተባለ። ወጣቶቹ ከላይኛው ፎቅ እየዘለሉ ይገቡ ጀመር። እኔ መዋኘት የተማርኩት ትልቅ ሰው ከሆንኩ በኋላ፣ ፍራንክፈርት የማዘጋጃ ቤት ገንዳ ውስጥ፣ ከጡረተኞች ጋር ነው፤ በደረጃው ወረድኩ። መነጽሩን አጠለቅሁ፣ ውሃ ገባ። አወለቅሁ፣ ላስቲኩን አጠበቅሁ፣ ደግሜ አጠለቅሁ፣ ገባ። ያ የ5 ዩሮው ልጅ መጥቶ ላስቲኩን ዓይኔ እስኪወጣ ጎተተው፤ አሁንም ገባ። ነገሩ ሹሩባዬ ነው። ለጉዞው ብዬ ቀጫጭን ተሠርቼ ነበር፤ ግንባሬ ላይ የሚጀምረው ጉንጉን ከመነጽሩ ጎማ ሥር እየገባ፣ በየሁለቱ ጉንጉን መሃል ለውሃው ቀጭን ቦይ ተከፍቶለታል። ልጁ ይህን ዓይነት ችግር አይቶ አያውቅም፤ ሌላ መነጽር ልስጥሽ፣ ሌላ ልስጥሽ ይላል። ጓደኛዬ ነገሩን ቆማ ስታይ ቆይታ ቦርሳዋን ከፈተችና ቫዝሊን አወጣች። ሹሩባውን ወደ ኋላ ገፋ፣ የመነጽሩን ጠርዝ ከላይ በኩል ወፈር አድርጋ ለቅለቅ። “ቫዝሊን ጎማ አያበላሽም?” አልኳት። “የኪራይ ነው” አለች።

ሠራ። ጠብታ አልገባም።

ፊቴን ነከርኩና ያ ሁሉ ጩኸት ዱብ ዱብ ብቻ ሆነ፤ ከዚያ በላይ የሚሰማኝ የራሴ ትንፋሽ ነው። የዚህ የሜዲትራኒያን ጫፍ ጨው ከባድ ነው፤ ገንዳ ውስጥ ሁልጊዜ ወደ ታች የሚጎትተኝ እግሬ እዚህ ያለ ልፋት ተንሳፈፈ። ከሥሬ ስድስት ሰባት ሜትር ይሆናል፣ አሸዋው ላይ የማዕበሉ መስመር ቁጭ ብሎ ይታያል። ከላይ ሆኜ ቆሻሻ ዓለት ነው ያልኩት ጥቁር ጥቁር ነገር ሣር ሆኖ ተገኘ፤ ፖሲዶኒያ ይባላል፣ እንደ የብስ ተክል ሥርና አበባ ያለው ነው፤ ይህ ዝርያው ከሜዲትራኒያን በቀር ሌላ ባሕር አይበቅልም። ዓሦች መሃሉ ይገባሉ ይወጣሉ። ጣና ድፍርስ ነው፤ እኔ ዓሣን በሕይወቴ ያየሁት ወይ መረብ ውስጥ ወይ ሳህን ላይ ነው፣ ቆሮሶም ሆነ አምባዛ። ዓሣ በራሱ ጉዳይ ላይ ሆኖ፣ ሣር ሲለቅም፣ ከጎረቤቱ ሲጣላ ማየት ለእኔ አዲስ ነው። አንዲት ቀይ ፓሮት ፊሽ ዓለቱን በጥርሷ ስትፍቅ ቀረጭ ቀረጭ የሚለው ይሰማኝ ነበር።

ወደ ገደሉ ጠጋ ስል ከድንጋይ ጥላ ሥር ላየንፊሽ አየሁ። ክንዴ የማይሞላ፣ ቀይ ቡናማና ነጭ መስመር ያለው፣ የጀርባው እሾህ አንድ በአንድ የቆመ። ሌሎቹ ሲሸሹ እሱ ንቅንቅ አላለም፤ የጎን ክንፎቹን ዘርግቶ ቁልቁል ተዘቅዝቆ ቆሟል። እሾሁ መርዝ አለው፣ ስለዚህ እኔው ራቅ አልኩ። ይህ ዓሣ የዚህ ባሕር ተወላጅ አይደለም፤ የቀይ ባሕር ነው። በ1869 በተከፈተው የስዊዝ ቦይ በኩል ከቀይ ባሕር ብዙ ዓይነት ፍጥረት ወደ ሜዲትራኒያን አልፏል፤ ውሃው እየሞቀ ሲሄድ ላየንፊሹም ተመቸው፣ ባለፉት ዐሥር ምናምን ዓመታት በቆጵሮስ ዳርቻ ተራብቷል። የሚበላው ጠላት ብዙም ስለሌለ ትንንሾቹን ዓሦች ይጨርሳቸዋል። ጠላቂዎች ፈቃድ እያወጡ በጦር ያድኑታል፤ እሾሁ ከተቆረጠ ሥጋው ስለሚበላ ምግብ ቤቶችም ያቀርቡታል። እኔ ግን የአየር ማረፊያዋ ልጅ ትዝ አለችኝ። እኔን ያን ያህል ያቆመችኝ፣ ይሄ ከእኛው ሰፈር ተነሥቶ ማንም ፓስፖርት ሳይጠይቀው መጥቶ ቤት ሠርቷል።

አርባ አምስት ደቂቃ የተባለው ሠላሳ ሳይሞላ ጥሩንባ ተነፋ። ስለዚህ ነገር ቅሬታ የሚቀበል አላገኘሁም።

ምሳ የአሳማ ሱቭላኪ ነው፣ በእንጨት ተሰክቶ የተጠበሰ ሥጋ። ዕለቱ ዓርብ ነው። ጀርመን ከገባሁ ወዲህ ሰዓቱን ባልጠብቅም ረቡዕና ዓርብን አልበላም፤ ሳህኔ ላይ ሩዝና ቲማቲም ብቻ አድርጌ ልሄድ ስል ምግብ የሚያወጡት አሮጊት ክንዴን ያዙኝ። ጥቁር የለበሱ፣ አጠር ያሉ ሴትዮ ናቸው። አንገቴ ላይ ያለውን ማተብ በጣታቸው እየጠቆሙ “ኦርቶዶክስ?” አሉኝ። አዎ ስላቸው ሳህኔን ነጥቀው ከኋላ ገቡ። ለራሳቸው ያዘጋጁትን የጾም ምሳ ነው ይዘው የመጡት፦ ዳቦ፣ ወይራ፣ ሎሚ የተጨመቀበት ጣሂኒ (የተፈጨ ሰሊጥ)፣ በወይራ ዘይት የተሠራ ባቄላ። ከሁሉ በላይ ደግሞ፣ በኩራት፣ የተጠበሰ የኦክቶፐስ ክንድ ከነመምጠጫዎቹ። “የጾም ነው፣ የጾም ነው! ደም የለውም” ይላሉ። በግሪኮች ሥርዓት እውነታቸውን ነው፤ ዓሣ በማይበላበት ቀን እንኳ ኦክቶፐስና ሽሪምፕ ይፈቀዳል። እኔ ደግሞ በጾምም በፍስክም ያንን ነገር አልነካም። “እማማ፣ በእኛ አይፈቀድም” አልኳቸው። በጣም አዘኑልኝ። እንዴት ያለ ጾም ነው የምትጾሙት በሚል ዓይን ቆመው አዩኝና ወይራ ጨመሩልኝ። ጓደኛዬ ጴንጤ ናት፤ ኦክቶፐሱንም ሱቭላኪውንም በላች። ጣሂኒውን ለመሰለ ነገር የዚያን ሳምንት ሬስቶራንት ውስጥ 9 ዩሮ ከፍያለሁ፣ አጠገቡም አልደረሰ።

ከሰዓት በኋላ ኮኖስ የሚባለውን ጥድ የከበበው ወሽመጥ፣ ከዚያም ፕሮታራስን አለፍን፤ ሆቴል፣ ጃንጥላ፣ ሆቴል። ሰሜን ስንወጣ ጀልባው ፍጥነቱን ቀነሰ። ከሩቅ ባሕሩ ዳር የተደረደሩ ፎቆች ይታያሉ። ቫሮሻ ነው፣ የፋማጉስታ ባሕር ዳርቻ ሰፈር። እስከ 1974 የቆጵሮስ ቱሪዝም ዋና ቦታ ነበር፤ በዚያ ዓመት ነሐሴ የቱርክ ጦር ሲመጣ ነዋሪው ሸሸ፣ ሰፈሩ ታጠረ፣ ባዶውን ቀረ። በ2020 ጥቂት ጎዳናዎቹ ለጎብኚ ተከፍተዋል፤ የቤቶቹ ባለቤቶች ግን አልተመለሱም። አያ ናፓ ከትንሽ የዓሣ አጥማጅ መንደርነት ወደዚህ ጭፈራ የተሸጋገረችውም ቫሮሻ ስለተዘጋች ነው። ይህን ሁሉ ካፒቴኑ በሁለት ደቂቃ ተናግሮ ሲያበቃ “የሩቅ ማያ መነጽር ለምትፈልጉ 2 ዩሮ” አለ። ሙዚቃውን ዝቅ አላደረገም። ሰው ሁሉ በግራ በኩል ተሰብስቦ ስልኩን ደግኗል። አሮጊቷ በዚያ በኩል አልወጡም፤ ሳህን ያጥባሉ።

እኔ ስለ ፋማጉስታ ሌላ ነገር አስብ ነበር። በመካከለኛው ዘመን በዚህች ደሴት ኢትዮጵያውያን መነኮሳት ይኖሩ ነበር፤ ወደ ኢየሩሳሌም የሚወስደው የባሕር መንገድ ላይ ናትና። በ16ኛው መቶ ዘመን ከኢትዮጵያውያን ወላጆች እዚሁ ቆጵሮስ ተወልዶ ኋላ ሮም የኖረ ዮሐንስ የሚባል የቤተ ክርስቲያን ሰውም አለ። በምን ዓይነት ጀልባ መጡ፣ ስንት ሌሊት ባሕር ላይ አደሩ፣ የሚለው ነው ያሳሰበኝ። የእኛ ጀልባ ገና ሲመለስ ነፋስ ተነሥቶ፣ የጠዋቱ ጀግና ወጣት ግማሹ ከአጥሩ ላይ ተደፍቶ ያስመልስ ነበር። የታችኛው ፎቅ መሃል ላይ የተቀመጥን ምንም አልሆንን።

ወደቡ ላይ ስንወርድ ፎቷችንን አትመው ጠበቁን፣ 10 ዩሮ። መነጽር አድርጌ፣ ግንባሬ በቫዝሊን አብረቅርቆ፣ አፌ በቱቦ ተነፍቶ። አልገዛሁም።

በማግሥቱ ጀልባ ሳያስፈልገን ባሕር ገባን። ከዚያው ከአያ ናፓ ፔርኔራ ዳርቻ 200 ሜትር ያህል ገባ ብሎ፣ በ2021 የተከፈተ የውሃ ውስጥ የቅርጻ ቅርጽ ሙዚየም አለ፤ ጄሰን ዴኬርስ ቴይለር የሠራቸው 93 ምስሎች ከስምንት እስከ ዐሥር ሜትር ጥልቀት ላይ ቆመዋል። ለጠላቂዎች የተሻለ ነው፤ ከላይ ለሚንሳፈፍ ሰው ትንሽ ይርቃል። ድብብቆሽ የሚጫወቱ የሚመስሉ ልጆች አሉ፣ ላያቸው ላይ ዓሣ ሰፍሯል። እኔን ከሥነ ጥበቡ ይልቅ ዓሦቹ ሳቡኝ። ማታ ላይ ከአያ ናፓ ገዳም ደጅ ካለው ሾላ ሥር ተቀመጥን፤ ከ600 ዓመት በላይ ነው ይሉታል። ቀና ብዬ ፍሬውን ሳይ ያው ሾላ ነው። የጭፈራው አደባባይ ከገዳሙ ግድግዳ ጥቂት እርምጃ ነው፤ ድምፅ ማጉያውን ሲሞክሩ ሰማንና ተነሣን።

ለመሄድ የምታስቡ ካላችሁ፦ መነጽርና ቱቦ ከቤታችሁ ይዛችሁ ሂዱ፤ እኔ ከተመለስኩ በኋላ ደህናውን በ20 ዩሮ ገዛሁ። ጠዋት የሚነሣውን ትንሹን ጀልባ ፈልጉ፣ ከሰዓት በኋላ ነፋስ አለ። ሹሩባ የተሠራችሁ ቫዝሊን አትርሱ። ምሳ ላይ ምግብ የሚያወጡት አሮጊት ከሆኑ ማተባችሁን ከልብሳችሁ በላይ አድርጉት፤ ኦክቶፐሱን እንቢ ማለት የእናንተ ፈንታ ነው።