ግድግዳ ብቻ የሚለያቸው ሁለት ኮምፒውተሮች

ደብረ ብርሃን፣ የአንድ መሥሪያ ቤት ኮምፒውተሮችን ስከታተል የገጠመኝ ነው። ኢንተርኔት በተቋረጠበት ሰኞ ጠዋት የመዝገብ ቤቷ እትዬ ጋቢያቸውን እንደደረቡ መጡና «የኔ ልጅ፣ ከጠዋት ጀምሮ የማስገባው ደብዳቤ ሒሳብ ክፍል አልደረሰም» አሉኝ።

መድረስ ነበረበት። ሁለቱን ክፍሎች ያገናኘሁት ሲንክቲንግ በሚባል ፕሮግራም ነው፤ ፋይሉ መሀል ላይ ሰርቨር ሳያስፈልገው ከኮምፒውተር ወደ ኮምፒውተር ይሄዳል። «ኢንተርኔት ባይኖርም ይሠራል» ብዬ ቃል የገባሁትም እኔው ነኝ።

ከሒሳብ ክፍል ወደ መዝገብ ቤት ፒንግ ሳደርግ፣ ማለትም «አለህ ወይ?» የሚል አጭር መልእክት ስልክ፣ መልስ መጣ። ከመዝገብ ቤት ወደ ሒሳብ ክፍል ስሞክር ግን ዝም። ጠረጴዛው ሥር ተንበርክኬ ሳይ፣ በቅርቡ ለዋይፋይ ተብሎ የተተከለው ራውተር ገመዱ «ዋን» በሚለው፣ ለውጭ ኔትወርክ በተሠራው ቀዳዳ ገብቷል። ሒሳብ ክፍል በ192.168.1 የሚጀምር አድራሻ ይዟል፣ መዝገብ ቤት በ192.168.0። ሳናውቀው ሁለት ኔትወርክ ሆነናል፤ ከአዲሱ ራውተር ጀርባ ያለው ሒሳብ ክፍል መዝገብ ቤት ይደርሳል፣ መዝገብ ቤት ግን ወደ እሱ አይደርስም።

ሲንክቲንግ ጎረቤቱን የሚያገኘው በዩዲፒ ፖርት 21027 (ፖርት ማለት ፕሮግራሙ መልእክት የሚቀበልበት ባለቁጥር በር ነው) «እዚህ ነኝ» እያለ ለሁሉም በመጣራት ነው። ጥሪው ራውተር አይሻገርም። እስከዚያ ቀን ሲያገናኛቸው የቆየው ኢንተርኔት ላይ ያለው የአድራሻ መጠየቂያ ሰርቨር ኖሯል። ዓርብ ማታ ጠፍተው ሰኞ ሲበሩ የሚጠይቁት አጡ።

ማዕከል የለውም የሚባለው የዲጂታል ገንዘብ፣ ቢትኮይን እንኳ፣ ለመጀመሪያ ጊዜ ሲከፈት ፕሮግራሙ ውስጥ የተጻፉ ስሞችን በዲኤንኤስ (ስምን ወደ አድራሻ በሚቀይረው አገልግሎት) ጠይቆ ነው ጥቂት አድራሻ የሚያገኘው። ከዚያ ካገኛቸው ኮምፒውተሮች ሌሎችን እየጠየቀ ዲስኩ ላይ ይመዘግባል፣ በሌላ ቀን ሲነሣ ከመዝገቡ ይጀምራል። መንዝ ለለቅሶ የሄደ እንግዳም የመጀመሪያውን ቤት ደጅ ቆሞ ሳይጠይቅ ሐዘንተኛው ቤት አይደርስም። ይህን እያወቅሁ ለመሥሪያ ቤቱ ሳልናገር መቅረቴ ዛሬም ይቆጨኛል።

ለጊዜው የመዝገብ ቤቱን አድራሻ እንዳይቀያየር አስሬ፣ ሒሳብ ክፍል ባለው ሲንክቲንግ ላይ ግንኙነት ከሚቀበልበት ፖርት 22000 ጋር በእጄ ጻፍኩት። ግንኙነቱ ከአንድ ወገን ከተከፈተ ፋይሉ በሁለቱም አቅጣጫ ያልፋል። ከሰዓት በኋላ ገመዱን ለውስጥ ኔትወርክ ወደሆነው «ላን» ቀዳዳ አዛውሬ የአዲሱን ራውተር ዲኤችሲፒ (አድራሻ አዳዩን) አጠፋሁና የጻፍኩትን አድራሻ ሰረዝኩት።

10 ሰዓት ላይ ኢንተርኔቱ ተመለሰ። ያኔ ለመሞከር የኢንተርኔቱን ገመድ ራሴ ነቀልኩ፣ ሁለቱንም ኮምፒውተር አጥፍቼ አበራሁ፣ እትዬን አንድ ደብዳቤ እንዲያስገቡልኝ ለምኜ ሒሳብ ክፍል ሄጄ ቁጭ አልኩ። የደብዳቤው ቁጥር ስክሪኑ ላይ ብቅ ሲል በግድግዳው በኩል «ደረሰ፣ እትዬ!» ብዬ ጮህኩ።